ማለዳ ማለዳ ስም የምትጠይቀው ኦርቬላ

ኦርቬላ በመንደራችን በድሩማ የታወቀችው በሁለት ነገር ነው። አንደኛው ስፌቷ ነው፤ እሷ የሰፋችው የጀልባ ቆዳ ጉም አያስገባም ይባል ነበር፣ እውነትም አያስገባም። ሁለተኛው ቃሏ ነው። በኛ አገር ቃል የሚሸከመው ሁሉም ሰው አይደለም፤ የተሸከመ ሰው ግን እስኪያረጅ ድረስ በዚያው ቃል ይኖራል፣ በዚያው ይጣላል፣ በዚያው ይታረቃል። ሌላ አገር ያሉ ሊቃውንት አንድ ነገር እውነት መሆኑን ለማወቅ ቁጭ ብለው ይከራከራሉ አሉ። እኛ ዘንድ ክርክር የሥራ ፈት ወግ ነው። እውነት ነው የሚል ሰው ዕድሜውን ይስጥበትና እንየው፤ ቃል የሚመዘንበት የሸክም ቤት ትምህርት ከዚህ አይዘልም።

ተሸካሚው ሲደክም ሦስት መዛኞች ደጁ ድረስ መጥተው «ቃሉ ጸና?» ብለው ይጠይቁታል። «ጸንቷል» ካለ ቃሉ ለሌላ ሰው ይተላለፋል። ስምንት ሰው ተከታትሎ «ጸንቷል» ያለለት ቃል ገደሉ ላይ ይቀረጻል፤ ከዚያ ወዲያ የአገር ሕግ ነው፣ ትንሽ ትልቁ ይገዛበታል። ከስምንቱ አንዱ «አልጸናም» ካለ ግን ከሱ በፊት የነበሩት ሁሉ ልፋታቸው መና ይቀራል፤ ስማቸውም ከሸክም ቤት ግድግዳ ላይ ይፋቃል። የኦርቬላ ቃል ይህ ነበር፦ ትናንት ያደረገው ሰውና ዛሬ የቆመው ሰው አንድ አይደሉም። ይህን ቃል ከሷ በፊት ሰባት ሰዎች ተሸክመውት አልፈዋል። ስምንተኛዋ እሷ ነበረች።

ቃሉን የሰጣት ሜርዶስ የሚባል በርሜል ሠሪ ሽማግሌ ነው። ያኔ ገና ስፌት የምትለማመድ ልጃገረድ ነበረች። ለምን እሷን እንደመረጠ ሲጠየቅ፣ ይቺ ልጅ ቂም አታውቅም፣ መርፌ ወግቷት እንኳ መርፌዋን አትረግምም አለ። ሰው ሁሉ ሳቀ። እሷም ሳቀች፤ ደስ ብሏትም ተቀበለች። በዚያ ዕድሜ የማይከብድ ቃል የደረሳት መስሏት ነበር።

የቃሉ ሥርዓት ቀላል ነው። ተሸካሚዋ በየቀኑ ሰው መጀመሪያ ስታገኝ «ማን ልበል?» ትላለች። ሰውዬው ስሙን ይናገራል። ከዚያ ወዲያ አዲስ ሰው ነው፤ የትናንቱ አይጠየቅም፣ አይነሳም። ጎረቤት ከጎረቤት ሲጣላ ጠዋት ተያይዘው የኦርቬላ ደጅ ይሄዱ ነበር። ስማቸውን ትጠይቃቸዋለች፣ ይነግሯታል፣ ከዚያ ማን ማንን ምን እንዳለ ማንሳት ነውር ይሆናል። የሰው መረብ ሰርቃ የተያዘች አንዲት ሴት እንኳ በዚያ ደጅ አልፋ መንደር ውስጥ ቀና ብላ ሄዳለች። መልካም ነገር ነበር፤ እዚህ ላይ የሚክድ ሰው ካለ ከኛ መንደር አይደለም።

ባሏ ሆልዳን ቀልደኛ ነበር። ጠዋት ዓይኑን ሲገልጥ «ማን ልበል?» ትለዋለች።

«ትናንት ማታ እግርሽን ያሸልሽ ሰውዬ ነኝ» ይላል።

«እሱማ ሄደ። አንተ ማን ነህ?»

«ሆልዳን እባላለሁ። እግር ማሸት አልችልም።»

ልጃቸው ታምሪስ ሲወለድ ነገሩ ትንሽ አስቸገራት። አራስ ልጅ ስሙን አይናገርም፤ ስለዚህ ሆልዳን ድምፁን አቅጥኖ ይመልስለት ነበር። ልጁ አፉን ሲፈታ ደግሞ ጨዋታ አደረገው፤ አንድ ቀን ወፍ ነኝ ይላታል፣ አንድ ቀን የመዛኞች አለቃ ነኝ ብሎ ሆዱን ነፍቶ ይቆማል። እሷም በዚያ ቀን ወፍ ብላ ትጠራዋለች፣ ጥሬ ትሰጠዋለች። ጎረምሳ ሲሆን «ታምሪስ» ብሎ ቶሎ ይወጣል። እናት ልጇን በየቀኑ እንደ አዲስ ስትቀበል ኖረች፤ የሸክም ቤት ሰዎችም ይህን እንደ ትልቅ ገድል ያወሩት ነበር። ለሷ ግን ገድል አልነበረም፤ በየማለዳው እንደገና መውደድ ደስ ይላት ነበር።

ታምሪስ አድጎ ዓሣ ለማጥመድ ጉም ላይ ወጣ። ጉሙ ከመንደሩ በታች ሸለቆውን ሞልቶ የተኛ ነው፤ ጀልባ ይሸከማል፣ ሰው ግን አይሸከምም። ወርዶ የተመለሰ ስለሌለ ከሥሩ ምን እንዳለ አይታወቅም። ስለዚህ ዓሣ አጥማጅ ሁልጊዜ ሁለት ሆኖ ነው የሚወጣው፤ ሁለቱም ወገባቸው ላይ በአንድ ገመድ ይታሰራሉ፣ የገመድ ጓድ ይባላሉ። የታምሪስ የገመድ ጓድ ብራኖክ ነበር። ኦርቬላ ቤት በልቶ ያደገ፣ የእናቱን ደጅ ያህል ደጇን የሚያውቅ ልጅ ነው። በቁመት ይበላለጡ ነበር እንጂ አንዱ ካለበት ሌላው አይጠፋም።

አንድ የነፋስ ቀን ብራኖክ ብቻውን ተመለሰ። ወገቡ ላይ የታሰረው ገመድ ተንጠልጥሎ ነበር፤ ጫፉ አልተበጠሰም፣ በቢላ ተቆርጧል። ይህን ለማየት ጠቢብ መሆን አያስፈልግም። ኦርቬላ ጫፉን በጣቷ ያዘችው፣ አገላብጣ አየችውና ለቀቀችው።

ጉም የወሰደው ሰው ሬሳ የለውም፤ ስለዚህ በኛ ደንብ ነገሩን የምትዳኘው እናቱ ናት። ገመድ የቆረጠው ይሙት ካለች ወደ ጉሙ ይገፋል፣ ይሂድ ካለች ከአገር ይወጣል፣ ይኑር ካለች ይኖራል። ሽማግሌዎቹ ሲጠይቋት ነገ ጠዋት አለች። ሰው ሁሉ ቤቱ ገባ፤ ሲነጋ ግን አጥሯ ዙሪያ ቆሞ ያልጠበቀ አልነበረም።

ብራኖክ ማንም ሳይጠራው መጣ። ያደረገውን ሊነግራትና የምትለውን ሊቀበል ነበር የመጣው። በሯን ከፍታ ወጣች። ዓይኗ አብጧል፣ ልብሷ ግን ንጹሕ ነበር። ትክ ብላ አየችውና፣

«ማን ልበል?» አለችው።

ከአጥሩ ውጭ ሴቶቹ ማልቀስ ጀመሩ። ብራኖክ አፉን ከፈተ።

«እማማ፣ እኔ እኮ...»

«ስምህን ነው የጠየቅሁት።»

«ብራኖክ።»

«እሺ ብራኖክ። ምን ፈለግህ?»

«ትናንት ጉም ላይ...»

«ትናንት አንተ አልነበርክም» አለችና በሩን ዘጋች።

በዚያ ቀን ድሩማ ውስጥ ሌላ ወሬ አልነበረም። መዛኞቹ ራሳቸው ከሸክም ቤት ወርደው ደጇ ላይ እጅ ነሱ። አለቃቸው ኤስፓሪድ፣ ቃል እንዲህ ጸንቶ በዕድሜዬ አላየሁም ብለው አለቀሱ፤ እሳቸው ደግሞ ለማልቀስ የሚቸኩሉ ሰው አይደሉም። ድምፅዋን ልብ ያለው ግን ሆልዳን ብቻ ነው። ሐዘኑ አጎብጦት፣ ቀልዱ ከልጁ ጋር ሄዶ ነበር። ሌላውን ሰው ስትጠይቂ ድምፅሽ እንዲህ አይደለም አላት። ቃሌ ነው አለችው። ከዚያ በኋላ ስለዚህ ነገር ተነጋግረው አያውቁም፤ እሱም ከጥቂት ዓመት በኋላ ሞተ።

ብራኖክ በማግሥቱም መጣ። ከዚያም በየማለዳው መጣ። ውሃ ቀድቶ ያመጣል፣ እንጨት ይፈልጣል፣ ቆዳ አለስልሶ ያስቀምጥላታል፤ ይህን ሁሉ ከማድረጉ በፊት ግን በሩ ላይ ቆሞ ስሙን ይናገራል። ጉም ላይ ዳግመኛ አልወጣም። ነጻ ሰው ነው፣ የሚከሰው የለም፣ ገበያ ላይ ሰላም የማይለው የለም፤ ከሱ ጋር በአንድ ገመድ ልታሰር ያለ ግን አልተገኘም። ይህንንም ለምን ብሎ መጠየቅ አይችልም ነበር፤ ትናንት የለማ። ሚስትም ሳያገባ ፀጉሩ ሸበተ። ስንቶቻችን ይህን ሰው ዕድለኛ ነው ብለን እንዳወራን ሳስበው ያናድደኛል።

የኦርቬላ ልብ ምን ያደርግ እንደነበር የተናገረችው በመጨረሻ ነው፤ ሳትናገረውም ግን በደንብ ታውቀው ነበር። ብራኖክ በሩ ላይ ሲቆም ፊቱ ላይ የሚመጣውን ነገር ታያለች። ሊናገር ይፈልጋል። ጉሮሮው ድረስ ይደርሳል። ያኔ «ማን ልበል?» ትለዋለች፣ ያ ነገር ተመልሶ ይወርዳል፣ እሷም ደስ ይላታል። ቀዝቃዛ ደስታ ነበር፤ ከሱ በቀር የሚያሞቃት ግን አልነበራትም። ይሙት ብትል አንድ ጊዜ ይሞት ነበር። አዲስ ሰው ስላደረገችው ይቅርታ እንኳ መጠየቂያ አጣ፤ ያላደረገ ሰው ስለ ምን ይቅርታ ይጠይቃል? ቃሏ ይህን ሁሉ ሥራ ሲሠራላት፣ የሸክም ቤት ተማሪዎች አጥሯ ላይ ተደግፈው ምሕረት እንዲህ ነው እያሉ ይማሩ ነበር።

ዋጋውን ግን እሷም ከፍላለች። ልጇ ጉም ውስጥ ሲገባ ያየው አንድ ሰው ብቻ ነው። ፈርቶ ነበር? ጮኸ? እናቱን ጠራ? መርፌዋን እየሳበች ቀኑን ሙሉ ይህን ታስባለች፤ መልሱን የሚያውቀው ሰው እጁን ቢዘረጋ የሚነካት ቦታ ላይ ቆዳ እያለሰለሰ ነው። ነገር ግን በቃሏ መሠረት ይህ ሰው እዚያ አልነበረም። ሰው ያልነበረበትን ነገር አይጠየቅም። አንዳንዴ ጥያቄው ምላሷ ላይ ይመጣና ሰባቱን ታስባለች፤ ሜርዶስ በመጨረሻ ቀኑ «ጸንቷል» ሲል የነበረውን ፊት ታስባለች። ትውጠዋለች።

እንዲህ እያለ ጣቶቿ ደከሙ። መርፌ ከእጇ ይወድቅ ጀመር፤ ዓይኗም ክርና ቀዳዳ አይለይም። መዛኞቹ ቀን ቆረጡ። ስምንተኛዋ ናትና ነገሩ ተራ ምዘና አልነበረም፤ ገደሉ ላይ የቀራጩ መቀመጫ ተሠራ፣ እሱም መሮውን ስሎ ተዘጋጀ፣ ከወንዝ ማዶ ሳይቀር ሰው መጣ። በዋዜማው መንደሩ በዝግጅት ሲታመስ ብራኖክ ውሃውን አስቀምጦ እንደሌላው ቀን ወደ ሥራው አልሄደም። እንስራው አጠገብ ቆመ።

«እማማ፣ አንድ ነገር ልበል? ስለ ትናንት አይደለም፣ ስለ ነገ ነው።»

«ስለ ነገ ከሆነ በል።»

«ነገ ይህ ቃል ገደል ላይ ከተጻፈ፣ ያ ቀን የማንም ሳይሆን መቅረቱ ነው። እኔ አልነበርኩም። ሌላ ሰውም አልነበረም። ታምሪስ የሞተው ማንም ሳያየው ነው ማለት ነው።»

«ታምሪስ» የሚለውን ስም ከሱ አፍ ከሰማች ዓመታት አልፈዋል። ሂድ አለችው። ሄደ። እሷ ግን ቁጭ ካለችበት መነሳት አቃታት፤ የተቀዳላትን ውሃ ሳትነካው ዋለች። ተናዳበት ነበር፤ የተናደደችው ግን እውነቱን ስለተናገረ ነው። እሷም ይህን አላጣችውም።

በማግሥቱ ጠዋት ግቢዋ ሰው አይችልም ነበር። ሦስቱ መዛኞች ነጭ ለብሰው በርጩማ ላይ ተቀምጠዋል። ተሸካሚዋ መጀመሪያ ፊቷ የሚቀርበውን ሰው ስም ጠይቃ ነው ምዘናው የሚጀመረው። ማን ይሁን ተብሎ አልተመከረም፤ ሁሉም ያውቀዋል። ብራኖክ እንስራውን ተሸክሞ በበሩ ሲገባ ሰው መንገድ ለቀቀለት። እጅግ ያረጁት ኤስፓሪድ ፊታቸውን ወደ ኦርቬላ አዞሩ።

ኦርቬላ ሰውዬውን አየችው። ሽማግሌ ሆኗል። እንስራው ትከሻውን አጎብጦታል። ከልጇ ጋር አንድ ትሪ ላይ ሲሻሙ የነበረውን ልጅ እዚያ ፊት ውስጥ ፈለገችው፤ አገኘችው። ገመዱን የቆረጠውንም እዚያው አገኘችው። ሁለቱም አንድ ቦታ ቆመዋል፣ ውሃ ተሸክመዋል።

«ብራኖክ፣ ና ግባ» አለች።

ከሕዝቡ መሐል የሆነ ሰው ትንፋሹን ሳበ። ኤስፓሪድ ያልሰሙ መሰላቸውና ጆሯቸውን ጠጋ አደረጉ።

«እትዬ ኦርቬላ፣ ስሙን አልጠየቁትም።»

«ስሙን አውቀዋለሁ። አንድም ማለዳ ጠፍቶኝ አያውቅም።»

«ደክሞዎት ይሆናል። ትንሽ አረፍ ብለው እንደገና...»

«አልደከመኝም። ቃሉ ጸና ብለው ይጠይቁኝ።»

ኤስፓሪድ መጠየቅ አልፈለጉም። ከመዛኞቹ አንዷ በዝቅተኛ ድምፅ ጠየቀች፤ ቃሉ ጸና?

«አልጸናም» አለች ኦርቬላ። «በዚህ ቃል ይቅር ያልኩት መስሏችሁ ነበር። አላልኩም። ይህን ሰው ማለዳ ማለዳ በገዛ ስሙ ስገድለው ኖሬያለሁ። እናንተም ቆማችሁ አያችሁኝ፣ አመሰገናችሁኝ።»

«ሰባት ሰው አለ ከእርስዎ በፊት» አሉ ኤስፓሪድ። አሁንስ እውነትም አለቀሱ። «ሜርዶስ አለ።»

«አውቃለሁ። ሜርዶስን እወደው ነበር። ስሙ ሲፋቅ ሄጄ እቆማለሁ፣ የምትሰድቡኝን እሰማለሁ። ልጄ ግን ማንም ሳያየው አልሞተም።»

ከዚህ በኋላ የሆነውን ማንም በደስታ አይተርክም። መዛኞቹ ተነስተው ወጡ። ከማዶ የመጣው ሰው እያጉረመረመ ተበተነ፤ የሜርዶስ የልጅ ልጅ አጥሩ ላይ ምራቁን ተፍቶ ሄደ። ቀራጩ መሮውን በጨርቅ ጠቅልሎ ለምን እንደደከመ እየጠየቀ ወረደ። በድሩማ እስከ ዛሬ፣ ኦርቬላ ትልቅ ነገር አጠፋች የሚሉ አሉ፤ እኔ ከነሱ ጋር ማዕድ አልቀርብም። ግቢው ባዶ ሲሆን ብራኖክ እንስራውን እንደተሸከመ እዚያው ቆሞ ነበር።

አስቀምጠው አለችው። አስቀመጠው። ኤስፓሪድ የተነሱበትን በርጩማ አሳየችው፤ ታምሪስ ከሞተ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ በደጇ እንደ እንግዳ ተቀመጠ። ከዚያ ጠየቀችው።

«ልጄ እንዴት ሞተ?»

ብራኖክ፣ ያን ሁሉ ዓመት ጉሮሮው ላይ የነበረው ነገር መንገዱ ሲከፈትለት እንዴት እንደሚወጣ ጠፍቶት ነበር።

«ነፋሱ አነሳውና ጣለው» አለ። «ገመዱ ያዘው። እኔም ጀልባው ውስጥ ወድቄ የመቀመጫውን እንጨት አቀፍኩ። ጀልባው ግን በጎኑ ያዘነብላል። እሱ አልጮኸም እማማ። ገመዱን በእጁ እየያዘ ይወጣ ነበር። ‹ብራኖክ አጥብቀህ ያዝ፣ ደርሻለሁ› ይለኛል። ‹ደርሻለሁ፣ ደርሻለሁ› ይለኛል።»

«ከዚያስ?»

«ደርሶ ነበር። ጣቶቹ የጀልባው ጠርዝ ላይ ወጡ። እሱ ሲይዘው ጀልባው ይበልጥ አዘነበለ፤ ፈራሁ። ሁለታችንም የምንገባ መሰለኝ። ቢላውን አወጣሁና ቆረጥኩት። ትንሽ ብታገሥ ይወጣ ነበር። ይህን የሚያውቅ ሰው የለም፤ ማንም አልጠየቀኝም።»

ኦርቬላ እጇን አንስታ መታችው። የደከመ እጅ ነበር፣ ግን ባላት ኃይል ነው የመታችው። ደግማ መታችው። አላፈገፈገም፣ ፊቱንም አልሸሸገም፤ በዚያ ሁሉ ዘመን ይህን ያህል የሰጠው ሰው አልነበረም። ከዚያ እጇ ሲዝል አለቀሰች። ልጇ ከሞተ ጀምሮ ድምፅ አውጥታ ያለቀሰችው ያን ቀን ነው፤ ጎረቤቶቿ ሰምተናል። እሱም አጠገቧ ተቀምጦ አለቀሰ፤ ማንም ማንንም አላባበለም።

ፀሐይዋ ከግቢው ስትሸሽ ብራኖክ ተነሳ። እንስራውን ወደ ጥላው አዛወረላት፣ ክዳኑን ገጠመ፤ በሩ ጋ ሲደርስ ቆመ። ነገ ይምጣ አይምጣ አላወቀም ነበር።

«ነገ ና» አለችው ኦርቬላ። «ያን ቀን ጠዋት ጀልባው ውስጥ ምን እያወራ እንደነበረ ትነግረኛለህ። ምን እንዳሳቀው፣ ስለ ማን እንዳወራ፣ ሁሉንም። ከዚያም በፊት ያለውን፣ አብራችሁ የዋላችሁበትን ሁሉ ትነግረኛለህ። ሌላ የሚያውቅልኝ ሰው የለኝም።»

«ይረዝማል እኮ እማማ፤ ብዙ ነው።»

«ይርዘም» አለችው።